የ1,200 ብሯ የዝናብ ልብሴ

አይሱዙ ነጂ ነኝ። ይቺን የዝናብ ልብስ አምና ሰኔ መጨረሻ መርካቶ በ1,200 ብር ገዛኋት። ዓመት ሞላን።

አዲስ አበባ ላይ ሐምሌንና ነሐሴን አልከዳችኝም። ዶፉ እየወረደ ጎማ ስቀይር እንኳ ሸሚዜ ደረቅ ነበር። ያቤሎ ግን አሳቀችብኝ። በሐምሌ ለብሻት ወረድኩ፤ እዚያ ሐምሌ ደረቅ ነው። የቦረና ዋናው ዝናብ ከመጋቢት እስከ ግንቦት ነው፣ አነስተኛው ደግሞ የእኛ ክረምት ሲወጣ ይመጣል። የሻይ ቤቷ ልጅ “ጋሼ፣ ዝናቡን ይዘውልን መጡ?” አለችኝ።

ኅዳር ላይ ደብረ ብርሃን አደርኩ። ከፍታው 2,800 ሜትር ገደማ ነው። ደመና ስለሌለ የቀኑ ሙቀት ሌሊት ወደ ሰማይ ያመልጣል፤ ጠዋት ሳሩ በውርጭ ነጭ ብሎ ጠበቀኝ። ልብሷ ነፋስ ትከለክላለች እንጂ አታሞቅም። ጋቢ ከሥር ደረብኩ። ማምሻውን ቁልቁል አፋር ስገባ ጋቢውም ሸሚዙም ወለቀ። ጋቢናው ውስጥ የተውኳት ልብስ ላስቲኳ በሙቀት እርስ በርሱ ተጣብቆ አገኘሁት።

ጉዷ የወጣው ጅማ መንገድ ላይ ነው። እዚያ ዝናቡ በልግ ክረምት ብሎ አይለይም፣ ወራት ይገፋል። ግንቦት ላይ በግራ ብብቷ ውሃ ማስገባት ጀመረች። ሻጩ ጋ ብወስዳት “ወንድሜ፣ ይቺ እኮ ለከተማ ዝናብ ናት” አይለኝም!

አዲስ አበባ ለምትውሉ ግዟት። ወደ ጅማ የምትመላለሱ ግን ስፌቷን አስቀድማችሁ አስለጥፉ። ኮፍያዋም ሰፊ ነው፣ ዓይን ላይ ይወርዳል።