ለጃፓንኛ መምህራችን ምስጋና፣ በካትሱሺካ ላላችሁ ጥቆማ

በቶኪዮ ካትሱሺካ፣ በተለይ በዮትሱጊና በታቴይሺ አካባቢ የምትኖሩ ወገኖች «ጃፓንኛ የት እንማር?» እያላችሁ ስለምትጠይቁ አንዲት መምህርት ልጠቁማችሁ። ጡረታ የወጡ ጃፓናዊት ናቸው፤ በሳምንት አንድ ምሽት በበጎ ፈቃድ ያስተምራሉ። ስማቸውን በአደባባይ እንዳልጽፍ ስለነገሩኝ እኛ እንደምንጠራቸው ሰንሴ (በጃፓንኛ መምህር ማለት ነው) እላቸዋለሁ።

የምንማረው ብዙዎቻችሁ በምታውቁት «ሚንና ኖ ኒሆንጎ» በተባለው የጃፓንኛ መማሪያ መጽሐፍ ነው። ዋናው መጽሐፍ ከዳር እስከ ዳር በጃፓንኛ ተጽፏል፤ ትርጉሙና የሰዋስው ማብራሪያው ለብቻው በሌላ ጥራዝ ይሸጣል። ብቻውን ለሚያጠና ሰው ይህ ትዕግሥት አስጨራሽ ነው። ሰንሴ ማብራሪያውን ቤታችን አንብበን እንድንመጣ ያዝዛሉ፤ ክፍል ውስጥ የሚፈልጉት አፋችንን ብቻ ነው።

ትልቁን ውለታ የዋሉልን ምዕራፍ 14 ላይ ነው። እስከዚያ ድረስ መጽሐፉ የሚያስተምረው በ«ማስ» የሚያልቀውን የአክብሮት አነጋገር ነው፤ ፋብሪካ ውስጥ ያለ አለቃ ግን እንዲህ አይናገርም። «ማቴ» ይላል፣ ቆይ ለማለት፤ «ሚቴ» ይላል፣ እይ ለማለት፤ «ሞቴ ኪቴ» ካለ አምጣ ማለቱ ነው። ይህ የ«ቴ» ቅርጽ የሚጀምረው ምዕራፍ 14 ላይ ሲሆን፣ ግሦቹም እንደየዓይነታቸው ይለዋወጣሉ፦ «ካኪማስ» «ካይቴ» ይሆናል፣ «ዮሚማስ» ደግሞ «ዮንዴ»። «ኢኪማስ» በደንቡ ቢሄድ «ኢይቴ» መሆን ነበረበት፤ እርሱ ግን አሻፈረኝ ብሎ «ኢቴ» ሆኗል። ሰንሴ ሰንጠረዡን አሳይተው አላለፉም። እያንዳንዳችን ሥራ ቦታ የምንሰማውን ግሥ ጠየቁን፤ የማሸግ፣ የማጠብ፣ የማንሳት፣ የመቁጠር ግሦች ተሰበሰቡና የመጽሐፉን ልምምድ በእነርሱ ደጋገምነው። ሰለቸን ስንላቸው ሳቅ ብለው «ሞ ኢቺዶ» ይላሉ፤ እንደገና! ዛሬ በሥራ ቦታ ትእዛዝ ሲወርድ የሰው እጅ እያየሁ አልገምትም፣ እሰማለሁ።

ለአማርኛ ተናጋሪ የሚቀለውንና የሚከብደውን ለይተው ማወቃቸውም ገርሞኛል። ግሥ ዓረፍተ ነገሩ መጨረሻ ላይ መቀመጡ አላስቸገረንም፤ የእኛም እዚያው ነው። የሚጠብቅና የሚላላ ድምፅም ጆሯችን ወዲያው ለየው፤ «ገና» ሲጠብቅ በዓሉ እንደሚሆን፣ «ኪቴ» ሲላላ ና፣ ሲጠብቅ ቴምብር ነው። (ጃፓኖች መጥበቁን በትንሽ ፊደል ይጽፉታል፤ ቀንቼባቸዋለሁ።) የአናባቢ መርዘም ግን አሰቃየን። «ኦባሳን» አክስት ናት፤ «ባ» ሲረዝም አያት ትሆናለች፣ በዚህ ስንቷ ሴት ያለ ዕድሜዋ አርጅታለች! ሰንሴ ጠረጴዛውን በጣታቸው እየመቱ ርዝመቱን አስቆጠሩን።

ለሁሉም ይስማማሉ ማለቴ አይደለም። ካንጂ (ከቻይና የመጡት የጃፓንኛ ፊደላት) ላይ በጣም ዝግተኛ ናቸው። በጁላይና በዲሴምበር ለሚሰጠው የጃፓንኛ ችሎታ ፈተና የምትቸኩሉ ከሆነ ሌላ ቦታ ፈልጉ፤ ፈተናው የመናገር ክፍል የለውም፣ እርሳቸው ደግሞ የሚያሳስባቸው መናገሩ ነው። እንግሊዝኛም አይናገሩም። ሰዓት ላይ ቀልድ አያውቁም፤ የምትቀሩ ከሆነ አስቀድማችሁ ማሳወቅ አለባችሁ።

ሰንሴ፣ ይህን ባያነቡትም እግዚአብሔር ይስጥልን፤ ዕድሜና ጤና ይስጥዎት።

መማር የምትፈልጉ በውስጥ መስመር ጻፉልኝ፤ እርሳቸውን አስፈቅጄ አገናኛችኋለሁ። የምናዋጣው ለአዳራሹ የምትሆን ትንሽ ገንዘብ ብቻ ነው። በሌላ አካባቢ የምትኖሩ ደግሞ የክፍለ ከተማችሁን ጽሕፈት ቤት ጠይቁ፤ እንዲህ ያሉ የበጎ ፈቃድ ክፍሎች በቶኪዮ ብዙ ናቸው። 25 ምዕራፍ ያለውን የመጀመሪያውን መጽሐፍ ስለጨረስኩ የእኔን ቅጂ ቀድሞ ለጠየቀኝ በነፃ እሰጣለሁ። መልመጃዎቹን በእርሳስ ሠርቼባቸዋለሁና ላጲስ ይዛችሁ ኑ።