ሀዋሳ ላይ «በአንድ ደቂቃ ሙሉ ምርመራ» ከሚሏችሁ ሰዎች ተጠንቀቁ

የሀዋሳ ሰዎች፣ በተለይ በዕድሜ የገፉ ወላጆች ያሏችሁ፣ ይሄን እስከ መጨረሻው አንብቡልኝ።

ሰሞኑን ላፕቶፕና አንዲት ትንሽ ሳጥን ይዘው «ያለ መርፌ፣ ያለ ደም፣ በአንድ ደቂቃ ሙሉ ሰውነት እንመረምራለን» የሚሉ ሰዎች በዝተዋል። ፒያሳ አካባቢ ፎቅ ላይ ቢሮ የተከራዩ አሉ። በአቶቴና በታቦር በኩል ቤት ለቤት የሚዞሩ አሉ። የእድር ስብሰባ ላይ ሊቀመንበሩን አስፈቅደው የሚያስተዋውቁም አሉ። አንዱ «ኳንተም» ይለዋል፣ ሌላው «ባዮ ሬዞናንስ»፣ ሌላው ዝም ብሎ «የቻይናው ማሽን»። ስሙ ይለያይ እንጂ ነገሩ አንድ ነው። ገንዘባችሁን አትስጧቸው። ከገንዘቡም በላይ፣ እነሱን ሰምታችሁ የምትወስዱትን መድኃኒት እንዳታቆሙ።

አሠራራቸው እንዲህ ነው። ስትገቡ ነጭ ጋዋን የለበሰ ሰው ይቀበላችኋል። ስም፣ ዕድሜ፣ ጾታ፣ ቁመትና ክብደት ጠይቆ ላፕቶፑ ላይ ይሞላል። ከዚያ ከሳጥኗ ጋር በገመድ የተያያዘ የብረት ዘንግ ያስጨብጣችኋል። ስክሪኑ ላይ ልብ ይመታል፣ አጥንት ይሽከረከራል፣ ቁጥር ይሮጣል። ወዲያው ከ30 ገጽ በላይ የሆነ ሪፖርት ይታተማል። ጉበት፣ ኩላሊት፣ ቆሽት፣ ሐሞት ከረጢት፣ የአንጎል ነርቭ፣ የአጥንት ጥንካሬ፣ ቫይታሚን፣ ኮላጅን፣ ምን የቀረ አለ? ሴት ተብላችሁ ከተሞላችሁ የማህፀን ገጽ ይጨመራል፣ ወንድ ከሆናችሁ የፕሮስቴት። ከእያንዳንዱ መስመር ጎን ቀለም አለ። ሰውየው አረንጓዴውን ዘሎ ቀዩን በእስክሪቢቶ ያከብበዋል። አሁን ፈርታችኋል። የሚፈለገውም እሱ ነው፣ ምክንያቱም ከጠረጴዛው ጀርባ ያለው መደርደሪያ ላይ ለእያንዳንዱ ቀይ መስመር የሚሆን ብልቃጥ ተሰልፏል።

ዘንጉ ሊለካ የሚችለው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ የመዳፋችሁ ቆዳ ኤሌክትሪክ ምን ያህል እንደሚያሳልፍ። ይሄ ደግሞ የሚለዋወጠው እጃችሁ በላበው ልክና ዘንጉን አጥብቃችሁ ወይም አላልታችሁ በመያዛችሁ ነው። ከዚህ ተነስቶ ጉበት ላይ ስብ አለ፣ ካልሲየም ወርዷል፣ ቆሽት ደክሟል ማለት አይቻልም። የአጥንት ጥንካሬ የሚታየው በልዩ ራጅ ነው። ስኳር በደም ነው። ኩላሊት በደምና በሽንት ነው። አቋራጭ የለውም።

እኔ ሄጄ አይቼዋለሁ። ጠዋት ካልሲየሜ ዝቅተኛ፣ ጉበቴ ግን ደህና ተባለ። ያንኑ ቀን ከሰዓት እጄን ታጥቤ በደንብ አድርቄ «ድጋሚ ይታይልኝ» አልኩ። ካልሲየሜ ሙሉ ሆኖ መጣ፣ ጉበቴ ቀይ ገባ። በመሃል ምሳ ከመብላት ውጪ ያደረግኩት ነገር የለም። ሁለቱን ወረቀት ጎን ለጎን አድርጌ ብጠይቀው «ማሽኑ የሚያነበው የሰውነትህን ኃይል ስለሆነ ይለዋወጣል» አለኝ። በግማሽ ቀን የሚለዋወጥ ከሆነ ታዲያ የ3 ወር የብልቃጥ ፓኬጅ በምን ሂሳብ ነው የሚታዘዘው? ፈቃዱን እንዲያሳየኝ ስጠይቀው ደግሞ «እኛ ሐኪም አይደለንም፣ የጤና አማካሪ ነን» አለ። እዚያው ቢሮ ውስጥ ግን ሁሉም «ዶክተር» ብሎ ነው የሚጠራው፣ እሱም «አቤት» ይላል።

አንድ ነገር አስተውሉ። ወረቀቱ እጃችሁ ላይ ካለ የመጨረሻውን መስመር ፈልጉ። በትንንሽ ፊደል፣ ብዙ ጊዜ በእንግሊዝኛ፣ ውጤቱ ለመረጃ ያህል ብቻ እንደሆነና እንደ ምርመራ ውሳኔ እንደማይወሰድ ተጽፏል። የሠሩት ሰዎች ራሳቸው ምርመራ አይደለም እያሉ ነው። ይህችን መስመር ግን ማንም በእስክሪቢቶ አያከብብላችሁም።

ጨዋታው ደግሞ አዲስ አይደለም። የዛሬ 100 ዓመት ገደማ ሳን ፍራንሲስኮ ውስጥ አልበርት አብራምስ የሚባል ሐኪም ከአንዲት የደም ጠብታ፣ በሳጥን አማካይነት፣ ማንኛውንም በሽታ አውቃለሁ ይል ነበር። ብዙ ተከታይም አፍርቶ ነበር። አንድ ሐኪም የአውራ ዶሮ ደም በዘዴው ለሚመረምሩት ቢልክ፣ ባለ ደሙ ወባ፣ ካንሰር፣ ስኳርና የአባላዘር በሽታ አለበት የሚል ውጤት መጣለት። ሳይንቲፊክ አሜሪካን መጽሔት ኮሚቴ አቋቁሞ አጣራና እ.ኤ.አ. በ1924 ዘዴው ምንም ዋጋ እንደሌለው አሳወቀ። ከዚያ በኋላ በ1950ዎቹ ራይንሆልድ ፎል የሚባል ጀርመናዊ የቆዳን ኤሌክትሪክ እየለኩ በሽታ መለየትን አስፋፋ። እ.ኤ.አ. በ2008 ደግሞ የአሜሪካ የምግብና መድኃኒት አስተዳደር ኢፒኤፍኤክስ የሚባለውን የዚሁ ዘር ማሽን ወደ አገሩ እንዳይገባ ከለከለ። ሌላው ዓለም አይቶ የጣለውን ነው እኛ ሰፈር «የመጨረሻው ቴክኖሎጂ» እያሉ የሚያመጡት።

ከማሽኑ ጋር አብረው የሚመጡ የበሽታ ስሞችም አሉ። እነዚህን በደንብ ያዟቸው።

አንዱ «አድሬናል ፋቲግ» ነው። ከኩላሊት በላይ ያሉት አድሬናል ዕጢዎች በጭንቀት ብዛት ደክመዋል ይሏችኋል። ስሙ የወጣው እ.ኤ.አ. በ1998 ሲሆን አውጪው ጄምስ ዊልሰን የሚባል የአማራጭ ሕክምና ባለሙያ ነው። በ2016 ብራዚላውያን ተመራማሪዎች 58 ጥናቶችን ገምግመው እንዲህ ያለ በሽታ ለመኖሩ ማስረጃ የለም አሉ። አድሬናል ዕጢ በእውነት ሲታመም ሌላ ነገር ነው። አዲሰን የሚባለው በሽታ ሕይወት ሊያጠፋ ይችላል፣ የሚረጋገጠውም በሆስፒታል የደም ምርመራ ነው።

ሌላው «ካንዲዳ መላ ሰውነትሽን ወሮታል» የሚለው ነው። ካንዲዳ የሚባል ፈንገስ በእርግጥ አለ። አፍ ውስጥም፣ ማህፀን በር አካባቢም ያስቸግራል፣ አቅሙ በጣም የተዳከመ ሕመምተኛ ደግሞ ደሙ ውስጥ ሊገባበት ይችላል። ድካሙንም፣ ራስ ምታቱንም፣ መርሳቱንም፣ ድብርቱንም በድብቅ የሚያመጣው እሱ ነው የሚለው ግን እ.ኤ.አ. በ1980ዎቹ አሜሪካ ውስጥ የተስፋፋ ግምት ነው። በ1990 ኒው ኢንግላንድ ጆርናል ኦፍ ሜዲስን ላይ የወጣ ሙከራ ይሄ ችግር አለባቸው ለተባሉ ሴቶች የፈንገስ መድኃኒትና ምንም የሌለበት ክኒን ሰጥቶ አወዳደረ። ድካሙንና ድብርቱን በማቅለል መድኃኒቱ ከባዶው ክኒን አልተሻለም።

«መርዝ ተጠራቅሞብሻል» የሚለውን እንኳን ማብራራት አያስፈልግም። የትኛው መርዝ፣ ስንት፣ በየትኛው ላቦራቶሪ የተለካ? ጠይቋቸው፣ አይመልሱም።

አሁን ወደ አክስቴ ልምጣ፣ ይሄን ሁሉ የሚያስጽፈኝ የእሷ ነገር ስለሆነ። ስኳር ካለባት ቆይቷል፣ ክኒን እየዋጠች ደህና ነበረች። የዕቁብ ጓደኛዋ ወሰደቻት። ዘንጉን ጨበጠች፣ ወረቀቱ ወጣ፣ ኩላሊቱ ላይ ቀይ። ማሽኑን የያዘው ልጅ በጣም ትሑት ነው፣ ውሃ አቀረበላት፣ «እማማ» እያለ አናገራት። «እማማ፣ ኩላሊትዎን እየጎዳ ያለው ይሄ ክኒን ነው። ለ3 ወር ያሳርፉትና ቆሽትዎን ራሱን እናድሰው» አላት። 18 ሺህ ብር ከፈለች። ልጆቿ ከሚልኩላት ያጠራቀመችው ነው። ክኒኑን አቆመች፣ ለእኛም አልነገረችንም። ውሃ ጥም ሲጀምራት፣ ሌሊት ሌሊት ለሽንት ስትመላለስ ደውላ ነገረችው። «መርዙ እየወጣ ነው፣ ጥሩ ምልክት ነው» አላት። አንድ ሌሊት መናገር አቅቷት በባጃጅ ድንገተኛ ክፍል አደረስናት። ስኳሯ ከ400 በላይ ነበር። እግዚአብሔር ይመስገን ተርፋለች። ኩላሊቷም በደም ሲታይ ደህና ነው። ቀይ የተባለው ኩላሊት!

ጥሩ ምልክት ነው ያላት ሰው ዛሬም እዚያው ቢሮ ቁጭ ብሏል።

የአእምሮ ሕክምና የሚከታተሉ ሰዎች ላይ የሚሠሩት ከዚህ ይብሳል። ወረቀቱ ላይ «የአንጎል ነርቭ» የሚል ገጽ ስላለ፣ ድባቴ ያለበትን ወይ ድምፅ የሚሰማውን ሰው «ነርቭህ ቫይታሚን ስላጣ ነው፣ የሐኪሙ ክኒን ያደነዝዝሃል፣ ጣለው» ይሉታል። እንዲህ ያለ መድኃኒት በድንገት ሲቋረጥ ሕመሙ ሊያገረሽ ይችላል፣ ሰውየውም ራሱን ሊጎዳ ይችላል። ድባቴ በእጅ ዘንግ አይለካም። ሐኪሙ ተቀምጦ ይጠይቃል፣ እንቅልፉን፣ ምግቡን፣ ሐሳቡን፣ ስንት ጊዜ እንደቆየ ይሰማል፣ ከዚያ ነው የሚወስነው። ሳይንሳዊ የሚመስል ስም ስለተሰጠው ብቻ በሽታ የሚሆን ነገር የለም። እ.ኤ.አ. በ1851 ሳሙኤል ካርትራይት የሚባል አሜሪካዊ ሐኪም ባሪያዎች ከጌቶቻቸው መሸሻቸውን «ድራፔቶማኒያ» ብሎ የአእምሮ በሽታ አደረገው። ያ ስም የጠቀመው ጌቶቹን ነበር። የዛሬዎቹ ደግሞ ብልቃጥ ሻጩን ይጠቅማሉ። የማታውቁት የበሽታ ስም ሲነገራችሁ ማን እንደሚያተርፍበት እዩ። መርማሪውና ሻጩ አንድ ሰው ከሆነ ተነስታችሁ ውጡ።

ሰው ለምን እንደሚሄድ ይገባኛል። የመንግሥት ጤና ተቋም ካርድ ክፍል ተሰልፈህ፣ ግማሽ ቀን ጠብቀህ፣ ሐኪሙ ቀና ብሎ ሳያይህ ወረቀት ጽፎ ይሸኝሃል። እነዚህ አንድ ሰዓት ሙሉ ያዳምጡሃል። ኢንዱስትሪ ፓርክ የምትሠራ ልጅ ቀኑን ሙሉ ማሽን ላይ ውላ ስትመጣ ድካሟ እውነት ነው፣ ማንም ውሸቷን ነው ሊላት አይገባም። ግን ድካም የራሱ ምርመራ አለው፣ ብዙ ገንዘብም አይጠይቅም። የደም ማነስ አንዱ ነው። ነፍሰ ጡር ላልሆነች ሴት ሄሞግሎቢን ከ12 በታች ከሆነ ደም ማነስ ይባላል። ሳይበላ የተለካ ስኳር 126ና ከዚያ በላይ ሆኖ ሲደገምም ያው ከሆነ የስኳር በሽታ ነው። ታይሮይድ በደም ይታያል። ሳል 2 ሳምንት ካለፈው የቲቢ ምርመራ አድርጉ። እንቅልፍ ማጣትና ድባቴም ሰውን ያደክማሉ። እነዚህን ሳታዩ «ዕጢሽ ደክሟል» በሚል ብልቃጥ የምትገዙ ከሆነ እውነተኛው በሽታ ጊዜ እያገኘ ነው።

የገንዘቡ ጉዳይ። አክስቴ 18 ሺህ ብር ከፍላ ደረሰኝ አልተሰጣትም። የተሰጣት የአባልነት ፎርም ነው። «ሁለት ሰው ካመጡ ብርዎ ይመለሳል፣ እነሱም ሁለት ሁለት ካመጡ ማትረፍ ይጀምራሉ» ብለዋታል። ይሄ ፒራሚድ ነው፣ በንግድ ውድድርና የሸማቾች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 813/2006 የተከለከለ ነው። ነገሩ ዘመድ በዘመድ የሚዛመተውም በዚህ ነው። የወሰደቻት ጓደኛዋ ክፉ ሴት አይደለችም፣ እሷም ብሯን ልታስመልስ ነው። ስለዚህ ሰፈር ውስጥ የጠራችሁን ሰው አትጣሉት፣ ቁጭ አድርጋችሁ ንገሩት።

መድኃኒት ያቆማችሁ ካላችሁ ዛሬውኑ ወደ ክትትል ቦታችሁ ሂዱ። ያለፈውን ለማካካስ ብላችሁ ክኒን ደርባችሁ እንዳትውጡ፣ መጠኑን ሐኪሙ ይንገራችሁ። ብልቃጦቹን ይዛችሁ ሂዱና አሳዩት፣ ምን ስትወስዱ እንደነበር ማወቅ አለበት። ወላጆቻችሁን ደግሞ «ክኒንሽን ወሰድሽ?» ብቻ አትበሏቸው። ማስቀመጫውን ከፍታችሁ እዩ፣ አክስቴ «አዎ» እያለችን ነበር።

ወረቀቱን፣ ፎርሙንና ባዶ ብልቃጡን አትጣሉ። በባንክ ወይም በቴሌብር ከፍላችሁ ከሆነ የላካችሁበትን መልእክት አታጥፉ። የምግብና መድኃኒት ባለስልጣን ነጻ መስመር 8482 ነው፣ ደውላችሁ የብልቃጡ ስም የተመዘገበ መሆኑን ጠይቁ፣ ያልተመዘገበ ከሆነ እዚያው ጠቁሙ። ደረሰኝ መከልከሉንና የፒራሚዱን ነገር ለንግድ ቢሮ በጽሑፍ አስገቡ። እኛ የአክስቴን አስገብተናል። እንደ እሷ የሆነባችሁ ካላችሁ በውስጥ መስመር ጻፉልኝ፣ አቤቱታውን አንድ ላይ እናድርገው።