የፊዚክስ መምህሩ የምሽት የሬዲዮ ትምህርት

በደብረ ብርሃን ከተማ በአንድ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ፊዚክስ የሚያስተምሩት መምህር በአካባቢው የኤፍ ኤም ጣቢያ የሚያቀርቡትን የማጠናከሪያ ትምህርት፣ የ12ኛ ክፍል ተማሪ ከሆነችው ልጄ ጋር አንድ ሙሉ ወሰነ ትምህርት ተከታትዬዋለሁ።

የዝግጅቱ ትልቁ ብርታት መምህሩ ከፊታቸው ሰሌዳ አለመኖሩን ፈጽሞ የማይዘነጉ መሆናቸው ነው፤ ቀመሩን አንብበው አያልፉም፣ ይልቁንም እያንዳንዱን ምልክት በስሙ ጠርተው፣ አድማጩ በደብተሩ እስኪጽፍ ታግሠው፣ ከዚያ ደግመው ያነቡታል። ስለ ድምፅ ፍጥነት ባስተማሩበት ምሽት የአገራችንን ብርድ ምሳሌ አደረጉት። ድምፅ በ20 ዲግሪ ሴልሺየስ አየር ውስጥ በሰከንድ 343 ሜትር ያህል ሲጓዝ፣ ሙቀቱ ወደ 0 ሲወርድ ወደ 331 ሜትር ዝቅ እንደሚል ሲያስረዱ፣ በኅዳር ውርጭ ማልዳ ወደ ትምህርት ቤት የምትሄደው ልጄ ነገሩ ወዲያው ገባት። እኔ በተማሪነቴ እንዲህ ያለ አስረጂ አላገኘሁም፤ በዚህም ለመምህሩ ያለኝ ምስጋና ከልብ ነው።

የአድማጮች ጥያቄ በስልክ የሚስተናገድበት ክፍል ግን እጅግ አጭር ነው። ሥርጭቱም ጣርማ በርን አልፎ ወደ ሸዋ ሮቢት ቆላ ሲወረድ ይቆራረጣል፤ የኤፍ ኤም ሞገድ በአብዛኛው በቀጥታ መሥመር ስለሚጓዝ ተራራ ይጋርደዋል። በቆላው ያሉት የእህቴ ልጆች እንደ ልጄ ለ12ኛ ክፍል ፈተና የሚዘጋጁ ናቸውና፣ ጣቢያው ትምህርቱን ቀድቶ በእጅ ስልክ የሚደመጥበትን መንገድ እንዲያመቻች አጥብቄ እጠይቃለሁ።

ለመከታተል በባትሪ ድንጋይ የሚሠራ ትንሽ ሬዲዮ ይበቃል፤ መብራት በጠፋባቸው ምሽቶች እኛም የተጠቀምነው በዚሁ ነው።