ሁለት ገበያ፣ ሁለት አስተዳዳሪ

በሰሜን ምሥራቅ ሕንድ፣ በሜጋላያ ርዕሰ ከተማ በሺሎንግ፣ ከፖሊስ ባዛር ተነሥቶ ኢውዱህ ገበያ ለመድረስ በእግር ጥቂት ደቂቃ ይበቃል። ሱቅ ሊከፍት ላሰበ ሰው ግን ርቀቱ ሌላ ነው።

ፖሊስ ባዛር የማዘጋጃ ቤቱ ክልል ነው። የሕንድ ሕገ መንግሥት ስድስተኛ ሠንጠረዥ፣ ማለትም ስለ ጎሣ አካባቢዎች አስተዳደር የሚደነግገው ክፍል፣ የሺሎንግን ማዘጋጃ ቤት ክልል የካሲ ጎሣን አካባቢ ከሚያስተዳድረው ከካሲ ኮረብቶች ራስ ገዝ ምክር ቤት ዋና ዋና ሥልጣኖች ውጭ አድርጎታል። ስለዚህ ከሌላ ክፍለ ሀገር የመጣ ነጋዴ የምክር ቤቱን የንግድ ፈቃድ አይጠየቅም።

ኢውዱህ ሲገቡ ነገሩ ይለወጣል። መተላለፊያው ጠባብ ነው፤ ተሸካሚው ቅርጫቱን በግንባሩ ማንገቻ አንጠልጥሎ ይጋፋል፣ ሴቶቹ ኩዋይ የሚሉትን የሚታኘክ ፍሬ በቅጠልና በኖራ ያዘጋጃሉ። ገበያው የማይሊየም ባህላዊ ግዛት ነው፤ ሲየም የሚባለው አለቃም በምክር ቤቱ ሥር ነው። የጎሣ ተወላጅ ያልሆነ ሰው ያለ ምክር ቤቱ ፈቃድ አይነግድም፤ ደንቡ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ከ1954 ጀምሮ አለ።

ለነጋዴ የመጀመሪያው ይቀላል፤ መሬቱን እንዳያጣ ለሚሰጋው ካሲ ደግሞ ሁለተኛው ዋስትና ነው። እኔን የሚያሳዝነኝ ግን በሁለቱ መካከል ቤት የሚሠራው ሰው ነው። ከተማዋ ከማዘጋጃ ቤቱ ወሰን አልፋ ስትሰፋ የግንባታ ፈቃድ መስጠት የእኔ ነው በሚል ምክር ቤቱና የክልሉ የከተማ ልማት ባለሥልጣን ተወዛግበዋል። «ሁለት ባላ ትከል» የሚለው ብልሃት እዚህ አይሠራም፤ የአንዱን ማኅተም ሌላው ላይቀበለው ይችላል።