ዎርምስ፦ የጥልቅ ባሕር ቀንድ አውጣ ስም ሲያከራክር የምገባበት መዝገብ

የባሕር ፍጥረት ሳይንሳዊ ስም ማጣራት ለሚፈልግ ሰው ከዎርምስ የተሻለ ነጻ አገልግሎት እስካሁን አላየሁም። ነጥብ ስጥ ብባል ከአምስት አራት ተኩል እሰጠዋለሁ። ግማሿ ለምን እንደቀረች ወደ ታች እነግራችኋለሁ።

ዎርምስ የባሕር ዝርያዎች የዓለም መዝገብ ነው። የእንግሊዝኛ ምሕጻሩ ሲነበብ «ትሎች» ማለት ይሆናል፤ ሆን ብለው ይሁን አይሁን ቀልዱ ተሳክቶላቸዋል። የሚስተናገደው ቤልጂየም ውስጥ ኦስተንድ ባለው የፍላንደርስ የባሕር ተቋም ነው። መረጃውን የሚያስገቡትና የሚያርሙት ግን በየአገሩ ያሉ የዘርፉ ባለሙያዎች ናቸው። ቀንድ አውጣዎችና ሌሎች ሞለስኮች (ገላቸው ለስላሳ፣ አጥንት የሌላቸው እንስሳት) ደግሞ ሞለስካቤዝ የሚባል የራሳቸው ክፍል አላቸው። እሱ የየብሶቹን፣ የወንዝና የሐይቆቹን ዘመዶቻቸውንም ይይዛል። ክፍያ የለውም።

እኔ ለተፈጥሮ ቪዲዮዎች ትረካ እጽፋለሁ። የዓሣ ነባሪ ስም ማንንም አያከራክርም። የጥልቅ ባሕር ቀንድ አውጣ ላይ ስንደርስ ግን ነገር ይመጣል። አብዛኞቹ በሰው ቋንቋ የራሳቸው ስም የላቸውም። ማን አይቷቸው ስም ያውጣላቸው? ያላቸው ሳይንሳዊው ስም ብቻ ነው። እሱ ከተበላሸ ስለየትኛው ፍጥረት እያወራን እንደሆነ የሚነግረን ሌላ ነገር የለም።

ክሪሶማሎን ስኳሚፈረምን እንውሰድ። እግሩን የብረት ቅርፊት ያለበሰው ዝነኛው ቀንድ አውጣ ነው። የሚኖረው ሕንድ ውቅያኖስ ወለል ላይ ነው፤ ከ2400 እስከ 2900 ሜትር ግድም ጥልቀት፣ ፍል ውሃ ከስንጥቅ በሚፈልቅበት ቦታ። በ2001 ካይሬይ በሚባል የፍል ውሃ መስክ ተገኘ። (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።) በ2003 በሳይንስ መጽሔት ተዋወቀ። ስሙ በእንስሳት ስያሜ ደንብ መሠረት የጸናው ግን በ2015 ነው፤ ቾንግ ቼንና ሦስት ባልደረቦቹ ሙሉ መግለጫውን ሲያሳትሙ።

እስከዚያው ድረስ ስሙ በየጽሑፉ ይዞር ነበር። አንዳንዱ ላይ እንዲያውም ከላቲን ፊደሎቹ አንዷ ኤች ጎድላ ነው የሚገኘው። በኛ ፊደል ሁለቱም «ክሪሶማሎን» ናቸው፤ ልዩነቱ አይታይም። እንዲህ ያለ መግለጫ ሳይወጣለት የሚዞር ስም በሙያው «ኖመን ኑዱም» ይባላል። እርቃኑን ያለ ስም ማለት ነው። ሰው ሁሉ ቢጠራውም በደንቡ ዓይን የለም።

መዝገቡ ጥሩ የሚሠራው ይሄን ነው። ስሙን በላቲን ፊደል ትጽፋለህ፤ ገጹ ይከፈታል። ከላይ የስሙ ሁኔታ አለ፦ ተቀባይነት ያለው ነው? የሌላ ስም ደባል ነው (ማለትም ስም ላለው ፍጥረት የወጣ ተጨማሪ ስም)? አጠራጣሪ ነው? ከጎኑ ስሙን ማን እንዳወጣውና በስንት ዓመት ይነበባል። ከዚያ እስከ ቤተሰብና ከዚያም በላይ ያለው የዘር ሐረግ። እያንዳንዱ ስም ደግሞ የራሱ መለያ ቁጥር አለው፤ አፊያ አይዲ ይሉታል። ያረጀ ስም ብትጽፍ አይገላምጥህም፤ «ይህ አሁን እንዲህ ነው የሚባለው» ብሎ ወደ ትክክለኛው ይመራሃል። እኔ ሌላው ቢቀር ለዚህች አንዷ ነገር ስል እከፍልበት ነበር።

የማይሰጥህ ነገር የስሙን ትርጉም ነው። ግማሿ ነጥብ የሄደችው እዚህ ጋ ነው። ለአንዳንዱ ስም አጭር የስያሜ ማስታወሻ ይገኛል፤ ለብዙው የለም። ትርጉሙን የምታገኘው መጀመሪያ ስሙን ያወጣው ጽሑፍ ውስጥ ነው። መዝገቡ ጽሑፉን ይጠቁምሃል፣ አንዳንዴም አገናኝ ያስቀምጥልሃል፣ የቀረው የራስህ ሥራ ነው። ክሪሶማሎን ከግሪክ የመጣ ነው፤ ጸጉረ ወርቅ እንደማለት። ስኳሚፈረም ደግሞ በላቲን ቅርፊት ተሸካሚ ነው። ወርቁ እውነተኛ ወርቅ አይደለም። ቅርፊቶቹ ላይ ፓይራይት የሚባለው የብረትና የድኝ ማዕድን አለ፤ ፈረንጆች የሞኝ ወርቅ የሚሉት።

አሁን የሚገርመው ነገር ይምጣ። ያው ዝርያ ሶሊቴር በሚባል ሌላ የፍል ውሃ መስክ ላይም ይኖራል። እዚያ ያሉት ግን ነጭ ናቸው። ብረቱ የለም። ታዲያ ጸጉረ ወርቅነታቸው ምን ሊሆን ነው? ምንም አይሆንም። ስሙ ስሙ ነው። ዓለም አቀፉ የእንስሳት ስያሜ ደንብ ስም አይመጥንም ተብሎ እንዲሻር አይፈቅድም። ሰው ደስታ ተብሎ ፊቱን ቢያጠቁር ስሙን እንደማንቀማው ማለት ነው። ስም የሚለወጠው በሌላ ምክንያት ነው፦ ቀድሞ የወጣ ስም ሲገኝ፣ ወይም ዝርያው ወደ ሌላ ወገን ሲዛወር (ወገን የቅርብ ዘመዳም ዝርያዎች ስብስብ ነው፤ የስሙ የመጀመሪያ ቃል እሱን ይነግራል)፣ ወይም ሁለት ፍጥረት አንድ ስም ይዞ ሲገኝ።

ስለዚህ ቪዲዮ ላይ «ሳይንሳዊ ስሙ እንደሚነግረን» ብሎ የሚጀምር ትረካ ስሰማ እጠነቀቃለሁ። ስሙ መግለጫ አይደለም። ባቲ ብሎ የሚጀምር ስም ከግሪኩ «ጥልቅ» የመጣ ነው፤ ባቲቤምቢክስና ባቲያክሜያ አሉ። አቢሶ ብሎ የሚጀምረው ደግሞ መጨረሻ ከሌለው ጥልቀት ነው፤ አቢሶክሪሶስ የሚባል ቀንድ አውጣ አለ። ለመገመት ይረዳል። ግን ፍጥረቱ ስንት ሜትር ላይ እንደሚኖር ከስሙ አይነበብም።

ስለ ቅንፍ ደግሞ ትንሽ ልበል፤ ብዙ ሰው የሚያልፋት እሷን ነው። አንድ የዛጎል መሸጫ ድረ ገጽ ላይ ባለስንጥቅ ዛጎል የሚባሉትን አየሁ። ከንፈራቸው ላይ ረዘም ያለ ስንጥቅ ያለባቸው፣ ጥልቅ ውሃ የሚወዱ፣ በጣም ጥንታዊ ዘር ናቸው። ሳይንቲስቶች በመጀመሪያ የሚያውቋቸው በቅሪተ አካል ብቻ ነበር። በ19ኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ ካሪቢያን ላይ አንዱ ተገኘና በ1856 ፊሸርና በርናርዲ የተባሉ ሰዎች ፕሉሮቶማሪያ ኩዋያና ብለው ሰየሙት። ኳ ለተባለው ፈረንሳዊ የባሕር ኃይል ሐኪምና የተፈጥሮ ተመራማሪ መታሰቢያ ነው። በኋላ ዝርያው ፔሮትሮከስ ወደሚባል ወገን ተዛወረ። ፕሉሮቶማሪያ በላቲን ሰዋስው ሴት ናት፤ ፔሮትሮከስ ወንድ ነው። ስለዚህ ኩዋያና ወደ ኩዋያነስ ተቀየረ። የሰያሚዎቹ ስምና ዓመተ ምሕረቱም ቅንፍ ውስጥ ገቡ።

ቅንፉ እንግዲህ ለጌጥ የገባ አይደለም። «ይህ ዝርያ ሲሰየም በሌላ ወገን ስር ነበር» የሚል ምልክት ነው። ቅንፍ ከሌለ ዝርያው ከተሰየመበት ወገን አልወጣም ማለት ነው። ሻጩ ግን አዲሱን ወገን ከአሮጌው የሴት መድረሻ ጋር አዳቅሎ፣ ቅንፉን ትቶ ለጥፎታል። የመዝገቡን ገጽ ላክሁለት። «ገዢ ይሄን አይጠይቅም» አለኝ። እኔ ገዢ ነበርኩ፤ ጠይቄያለሁ፤ አልገዛሁም። መለያ ወረቀቱን የሚያድበሰብስ ሰው ዛጎሉ ከየት እንደመጣ በትክክል መዝግቧል ብዬ ለማመን ይከብደኛል።

ከመዝገቡ የምወደው ሌላው ነገር ከስም ወደ ስም እየዘለልክ መዋል መቻልህ ነው። ጊዜ ይበላል፣ አስጠንቅቄያለሁ። አልቪኒኮንካን ክፈት። አልቪን የምትባለው ሰው የምትይዝ ጠላቂ መርከብ ስምና «ዛጎል» የሚለው የላቲን ቃል ተጋብተው የወለዱት ነው። ይህ ዛጎሉ ላይ ጸጉር መሳይ ነገር ያለው ቀንድ አውጣ በ1988 ሲሰየም ዝርያው አልቪኒኮንካ ሄስለሪ ተባለ፤ ሮበርት ሄስለር ለተባለ የጥልቅ ባሕር ተመራማሪ ክብር። ከዚያ በኋላ ከሃያ ዓመት በላይ በይፋ ስም ያለው የወገኑ ዝርያ እሱ ብቻ ነበር። የዘረ መል ምርመራ ግን አንድ የመሰለው ብዙ መሆኑን አሳየ፤ ተጨማሪ አምስት ስሞች መጡ። አንዱ ስትረመሪ ነው። ጆ ስትረመር ክላሽ የሚባል የፓንክ ሙዚቃ ባንድ ዘፋኝ ነበር። የቀንድ አውጣውን ባለሾህ ጸጉር ከፓንክ ሙዚቀኞች ጋር አመሳስለውት ነው። ሳይንቲስት አይስቅም ያለው ማነው?

ኢፍረመሪያ ናውቲለይ ደግሞ ሙሉ በሙሉ የመሥሪያ ቤት ስም ነው። ኢፍረመር የፈረንሳይ የባሕር ምርምር ተቋም ነው፤ ናውቲል የተቋሙ ጠላቂ መርከብ። ቡሼና ዋሬን በ1991 ሰየሙት። ምስጋናቸው ይገባኛል፤ ያለ መርከቧ ማን እዚያ ይደርሳል? ግን እውነት ለመናገር ከጸጉረ ወርቅ አጠገብ ሲቀመጥ ደረቅ ይሆንብኛል። ስለ ቀንድ አውጣው አንድም ነገር አይልም።

በሰው ስም የተሰየሙት ላይ መድረሻውን ማየት ይጠቅማል። ሄስለሪና ስትረመሪ በኢ የሚጨርሱት ለወንድ ስለሆኑ ነው። ኒዮምፋለስ ፍሬተሬ ግን የሴት መድረሻ አለው፤ ቬራ ፍሬተር የተባለችው እንግሊዛዊት የቀንድ አውጣ ሊቅ መታሰቢያ ነው። መድረሻውን አስተካክሎ መጻፍ ከባድ አይደለም። ከመዝገቡ መገልበጥ ብቻ ነው። በላቲን ፊደል ስትጽፍ የወገኑ ስም በትልቅ ፊደል ይጀምራል፣ የዝርያው በትንሽ፣ ሁለቱም ዘመም ይላሉ። የኛ ፊደል ትልቅና ትንሽ ስለሌለው እኔ ለንባብ በአማርኛ ጽፌ፣ አንድ ቦታ ላይ የላቲኑን ቅጂ እንዳለ አስቀምጣለሁ። የሚፈልግ ሰው እሱን ገልብጦ መዝገቡ ላይ ይፈልግ።

ወደ አገልግሎቱ ልመለስ። ጥልቅ ባሕር ብቻ ለሚፈልግ ከዚሁ መዝገብ የተቀዳ ሌላ መግቢያ አለ፤ የጥልቅ ባሕር ዝርያዎች የዓለም መዝገብ ይባላል። ከ500 ሜትር በታች የሚገኙትን ነው የሚሰበስበው። ለኔ ዓይነት ሥራ ፍለጋውን ያጠብልኛል። ረጅም የስም ዝርዝር ላለው ደግሞ ማመሳከሪያ መሣሪያ አለ፦ ዝርዝሩን በፋይል ታስገባለህ፣ የትኛው ስም እንደጸና፣ የትኛው እንደተሻረ፣ የትኛው ፊደሉ እንደተዛባ ይመልስልሃል። ሙዚየም ወይም የትምህርት ቤት ስብስብ የሚያደራጅ ሰው ከዚህ ቢጀምር ይሻለዋል።

መልኩ አያምርም። ሠንጠረዥ፣ ምሕጻር፣ ሰማያዊ አገናኝ፣ በቃ። ፎቶ ለማየት ከሆነ የምትገባው ሌላ ቦታ ሂድ፤ ብዙ ገጽ ላይ ሥዕል የለም። ቋንቋውም እንግሊዝኛ ነው፤ ለልጅ አይሆንም። ገጾቹ የሚናገሩት ለሚያውቅ ሰው ነው፤ «ቅንፉ ምን ማለት ነው» ብሎ የሚጠይቅን ጀማሪ ቁጭ አድርጎ የሚያስረዳ የለም። ዎርምስ እኛ ከፋን ብሎ ይህን የሚያሻሽል አይመስለኝም። የተሠራው ለባለሙያ ነው፣ እኛ ጎረቤት ሆነን ነው የምንጠቀመው።

ስሙን በትክክል መያዝ ለጽሑፍ ውበት ብቻ የሚመስለው ካለ አንድ ነገር ልንገረው። ክሪሶማሎን ስኳሚፈረም በ2019 ዓለም አቀፉ የተፈጥሮ ጥበቃ ኅብረት ቀይ መዝገብ ላይ ለመጥፋት የተጋለጠ ተብሎ ሰፍሯል። ምክንያቱ የባሕር ወለል ማዕድን ቁፋሮ ስጋት ነው፤ በዚህ ምክንያት ሲመዘገብ የመጀመሪያው ዝርያ እሱ ነው። እርቃኑን ባለ ስም እንዲህ ያለ ዝርዝር ላይ መስፈር ይከብዳል። አብዛኛውን ጊዜ መጀመሪያ መግለጫው ይታተማል፣ ስሙ ይጸናል፣ ከዚያ ነው ጠበቃ የሚቆምለት።

በመጨረሻ ለሚጽፉ ሰዎች አንድ ምክር፦ እያንዳንዱ ገጽ ግርጌ ላይ እንዴት እንደሚጠቀስ የተዘጋጀ ዓረፍተ ነገር አለ፤ ያየህበት ቀን ጭምር ያለበት። ቀኑን አትቁረጠው። ወገን ይቀየራል፣ መድረሻ ይቀየራል፣ ቅንፍ ይገባል። ከአምስት ዓመት በኋላ አንባቢ «ይሄ ስም ተሽሯል» ብሎ ሲመጣብህ፣ ስትጽፈው ጸንቶ እንደነበር የምታሳየው በዚያች ቀን ነው።