የኬ ሁይ ኳንን ፊልሞች በማርቆስ ማስጫን

ቅዳሜ ከሉማሜ ወደ ደብረ ማርቆስ ብቅ ባልሁ ቁጥር 32 ጊጋ ፍላሼን ይዤ መናኸሪያው አካባቢ ወዳለች አንዲት ፊልም የሚጫንባት ቤት ጎራ እላለሁ። ባለፈው ያዘዝሁት በልጅነቱ ታዋቂ ሆኖ፣ ኋላ ከካሜራ ፊት ለዓመታት ጠፍቶ የተመለሰውን የተዋናዩን የኬ ሁይ ኳንን ሥራዎች ነበር።

የሚመሰገነውን ላስቀድም። እ.ኤ.አ. በ1984 የወጣው ሁለተኛው የኢንዲያና ጆንስ ፊልም እጅግ ጥርት ያለ ቅጂ ነው። ከቬትናም ተሰድዶ አሜሪካ ከገባ ጥቂት ዓመት የሆነው ይህ ልጅ፣ ለመመልመል የቀረበ ወንድሙን ሊያጅብ ሄዶ እሱ ራሱ የተመረጠበት ፊልም ነው፤ እግሩ ፔዳሉን እንዲደርስለት ጫማው ላይ እንጨት አስሮ መኪና ሲያከንፍ ማየት ዛሬም ያስቃል። የ1985ቱ «ዘ ጉኒስ»ም እንከን የለውም። እ.ኤ.አ. በ1990 የገባበት «ሄድ ኦፍ ዘ ክላስ» የተባለው የቴሌቪዥን ተከታታይ ግን አልተገኘም። አስተናጋጁ በምትኩ ሁለት የጃኪ ቻን ፊልሞች ጭኖልኛል። «ጋሼ፣ ያው ናቸው ብዬ ነው» አለኝ። ያው አይደሉም።

ቅሬታዬ ያለው መካከሉ ላይ ነው። ኳን የሚመጥነው የትወና ሥራ ሲጠፋ ሲኒማ ተምሮ ወደ ካሜራው ጀርባ ዞረ፤ በ2000 ዓ.ም. እ.ኤ.አ. በወጣው «ኤክስ ሜን» እና በተከታዩ ዓመት በወጣው «ዘ ዋን» የድብድብ ትዕይንቶችን በማቀናበር አገዘ፣ በሆንግ ኮንጉ ዳይሬክተር በዎንግ ካር ዋይ «2046» ፊልም ላይም ረዳት ዳይሬክተር ሆኖ ሠራ። እነዚህን ሳዝ ልጁ «እሱ እኮ የለበትም» ብሎ ተከራከረኝ፤ በመጨረሻ ጫነልኝ። ቤት ደርሼ ስከፍታቸው ግን ሦስቱም ታሪኩ እንዳበቃ ይቋረጣሉ፤ ሃርድ ዲስኩ ላይ ቦታ እንዳይዝ ተብሎ የሠራተኞቹ ስም ዝርዝር ተቆርጧል። ፊቱ በማይታይባቸው በእነዚያ ዓመታት የደከመ ሰው ከዚያ ዝርዝር ሌላ የት ይፈለጋል?

ለኦስካር ያበቃው የ2022ቱ «ኤቭሪቲንግ ኤቭሪዌር ኦል አት ዋንስ» በሙሉ ደርሶኛል። በወገብ ቦርሳ ጠባቂዎቹን የሚዘርርበትን ትዕይንት ሦስት ጊዜ መልሼ አየሁት፤ እጁ እንዲያ የፈታው ድብድብ ሲያቀናብር በኖረባቸው ዓመታት ይመስለኛል። ከ«ሎኪ» ሁለተኛ ምዕራፍ 6 ክፍሎች 5ኛው ጎድሎ ነበር፤ በማግሥቱ ሳምንት መብራት ሄዶ ሁለት ሰዓት ብንጠብቅም ያለ ክፍያ ተክቶልኛል።

ልጁ ትሑት ነው፣ ዋጋውም አይከብድም፤ ፊልሙን እስከ መጨረሻው ፊደል ማየት የሚሻ ደንበኛ ግን «አትቁረጥብኝ» ብሎ አስቀድሞ ይንገረው።