ክላሽ ወይስ ኤም ፎር? ዩሲ ከመግዛታችሁ በፊት ጥይቱን ቁጠሩ

ባለፈው ወር ብቻ ይህን ጥያቄ ስድስት ሰው ጠይቆኛል። «ፐብጂ ላይ ለክላሽ ስኪን ልግዛ ወይስ ለኤም ፎር?» ፐብጂ የስልክ የተኩስ ጨዋታ ነው፤ ስኪን የጠመንጃው ጌጥ፣ ዩሲ ደግሞ ጌጡ የሚገዛበት የጨዋታው ገንዘብ ነው። የመጨረሻው ጠያቂ የአክስቴ ልጅ ነው። አሥራ ሁለተኛ ክፍል ነው። አዳማ ፍራንኮ አካባቢ ጁስ ቤት በር ላይ አገኘኝና 3,000 ብር እንዳጠራቀመ ነገረኝ። «አንተ ያልከኝን ነው የምገዛው» አለኝ። እንዲህ ሲባል ነገሩ ይከብዳል። ልጁ ያንን ብር ያጠራቀመው ከታክሲና ከምሳ እየቀነሰ ነው። ስለዚህ ማታ ቤቴ ገብቼ ወረቀትና ካልኩሌተር ይዤ ቁጭ አልኩ።

መልሴን ቀድሜ ልንገራችሁ። ከሁለቱ ጠመንጃ ኤም ፎር ይሻላል። ለብዙዎቻችን፣ በያዝነው ስልክና ባለን ኔትወርክ፣ በደንብ ይሻላል። 3,000 ብሩ ግን ስኪን ላይ መዋል የለበትም።

አንድ ነገር መጀመሪያ ይጥራ። ስኪን ዳሜጅ፣ ማለትም ጥይቱ የሚያደርሰውን ጉዳት፣ አይጨምርም። በብዙ ዩሲ አብረቅራቂ የተደረገው ኤም ፎርና ባዶ ቤት ወለል ላይ ያገኛችሁት ኤም ፎር ጥይታቸው አንድ ነው። ይህን የማያውቅ ሰው አለ ብዬ አላስብም ነበር። ከስድስቱ ጠያቂዎች ሁለቱ ግን «ትንሽ አይጨምርም?» ብለውኛል። አይጨምርም።

አሁን ወደ ሂሳቡ። የጨዋታው ቁጥሮች አፕዴት በመጣ ቁጥር ይነካካሉ። የክላሽ፣ ማለትም የኤኬኤም ዳሜጅ ከ47 እስከ 49፣ የኤም ፎር ደግሞ ከ40 እስከ 43 ሲወጣና ሲወርድ ቆይቷል። እኔ ክላሽን 48፣ ኤም ፎርን 41 ብዬ ይዣለሁ። በአንድ ጥይትና በሚቀጥለው መካከል ያለው ጊዜ ለክላሽ 0.1 ሰከንድ፣ ለኤም ፎር 0.086 ሰከንድ ነው።

ብዙ ሰው እዚህ ጋ ዳሜጁን ለጊዜው ያካፍልና ይጨርሳል። 48 ለ0.1 ሲካፈል 480። 41 ለ0.086 ሲካፈል 477 ገደማ። «እኩል ናቸው በቃ» ይላል። ይሄ ሂሳብ ያሳስታል። ተጫዋቹ ያለው 100 ህይወት ነው። እሷን የሚጨርሰው የጥይት ቁጥር ደግሞ ሁልጊዜ ሙሉ ነው። ሦስት ተኩል ጥይት የሚባል ነገር የለም። ወይ ሦስት ነው፣ ወይ አራት። ስለዚህ መቆጠር ያለበት «ስንት ጥይት ይፈጃል?» የሚለው ነው። ከዚያ በኋላ ነው ሰከንዱ የሚመጣው።

ቬስት፣ ማለትም ጥይት መከላከያው ሰደርያ፣ ሌቭል 1 ሲሆን ዳሜጁን በ30 በመቶ ይቀንሳል። ሌቭል 2 በ40፣ ሌቭል 3 በ55። ብዙ ጊዜ የሚያጋጥመን ሌቭል 2 ስለሆነ ከእሱ እንጀምር። ርቀቱ ቅርብ፣ ጥይቱም ሰውነት ላይ ነው እንበል። የክላሽ 48 ዳሜጅ 28.8 ይሆናል። 100 ለመሙላት አራት ጥይት። የኤም ፎር 41 ዳሜጅ 24.6 ይሆናል። በአራት ጥይት 98.4 ይደርስና ለጥቂት ያመልጠዋል። አምስተኛ ይፈልጋል። የመጀመሪያው ጥይት ጊዜ ስለማይቆጠርበት የክላሽ አራት ጥይት ሦስት ክፍተት ነው፣ 0.3 ሰከንድ። የኤም ፎር አምስት ጥይት አራት ክፍተት ነው፣ 0.344 ሰከንድ። ክላሽ በ0.044 ሰከንድ ይቀድማል። ሌቭል 3 ላይም እንዲሁ ነው። ክላሽ በአምስት ጥይት 0.4፣ ኤም ፎር በስድስት ጥይት 0.43። ቬስት የሌለው ሰው ላይ ሁለቱም ሦስት ጥይት ስለሚፈልጉ ኤም ፎር ይቀድማል።

ሌቭል 1 ላይ ያለውን ነገር ግን ቀስ ብላችሁ እዩት። ሂሳቡን ስሠራ በጣም የገረመኝ እሱ ነው። ክላሽ 48 ሲሆን በጥይት 33.6 ይወጣዋል፣ በሦስት ጥይት 100.8። ሰውየው ወደቀ፣ 0.2 ሰከንድ። አሁን አንዲት ነጥብ ቀንሱና 47 አድርጉት። በጥይት 32.9፣ በሦስት ጥይት 98.7። አልወደቀም። አራተኛ ጥይት፣ 0.3 ሰከንድ። ኤም ፎር እዚሁ ቬስት ላይ በአራት ጥይት 0.258 ሰከንድ ነው የሚፈጀው። አንዲት ነጥብ አሸናፊውን ገለበጠችው ማለት ነው። አፕዴት መጥቶ «አንድ ነጥብ ተቀንሷል» ሲባል ምንም አይደለም ብላችሁ አትለፉት። አንዳንዱ ነጥብ ምንም አይለውጥም፣ አንዳንዱ አንድ ሙሉ ጥይት ያስከፍላል። የትኛው እንደሆነ የምታውቁት አካፍላችሁ ስታዩት ብቻ ነው።

ጭንቅላት ላይ ብዙ አልቆይም። ሌቭል 2 ሄልሜት ላይ ሁለቱም በሁለት ጥይት ይጨርሳሉ።

እስከዚህ ያነበበ ሰው «እንግዲያ ክላሽ ነው የሚሻለው» ሊለኝ ይችላል። ወረቀት ላይ አዎ። ግን 0.044 ሰከንድ ምን ያህል እንደሆነ አስቡ። 44 ሚሊ ሰከንድ ነው። እኔ አዳማ ሆኜ ሚድል ኢስት ሰርቨር ላይ ስጫወት ማታ ማታ ፒንጌ፣ ማለትም ኔትወርኩ ሰርቨሩ ደርሶ ለመመለስ የሚፈጅበት ጊዜ፣ ከ120 ሚሊ ሰከንድ የሚወርደው አልፎ አልፎ ነው። ስልካችሁ በሰከንድ 30 ፍሬም (ምስል) የሚያሳይ ከሆነ አንዱ ፍሬም ብቻውን 33 ሚሊ ሰከንድ ይበላል። የክላሽ ብልጫ እዚያ ውስጥ ይጠፋል።

የማይጠፋው ኢላማውን የሚስተው ጥይት ነው። ይህን በግምት መናገር አልፈለግኩም። ማሰልጠኛ ሜዳው ላይ ገብቼ 30 ሜትር ገደማ ካለ ኢላማ ላይ በእያንዳንዱ ጠመንጃ አሥር አሥር ካዝና ተኮስኩ። ሳላቋርጥ፣ 30 ጥይት በአንድ ጭነት። ኤም ፎር በአማካይ 19 አገባልኝ። ክላሽ 12። ክላሽ ግሪፕ (የፊት መያዣ) አይቀበልም፣ ስቶክም (ሰደፍ) አይቀበልም። ኤም ፎር ሁለቱንም ይቀበላል። ልዩነቱ በከፊል ከዚያ ነው የሚመጣው።

አሁን ሂሳቡን በዚህ ድገሙት። ሌቭል 2 ቬስት ላይ ኤም ፎር አምስት ጥይት ማግባት አለበት። ከ30 ውስጥ 19 የሚያገባ ሰው ለዚያ ስምንት ጥይት ይተኩሳል፣ 0.6 ሰከንድ። ክላሽ አራት ማግባት አለበት። ከ30 ውስጥ 12 የሚያገባ ሰው አሥር ጥይት ይተኩሳል፣ 0.9 ሰከንድ። ያ ሦስት መቶ ሚሊ ሰከንድ ነው። ያንን ፒንግም አይሸፍነውም። የእናንተ ቁጥር ከእኔ ይለያል፣ ስለዚህ ራሳችሁ ገብታችሁ ቁጠሩ። ክላሽ ይዞ ከ30 ውስጥ 18 የሚያገባ ልጅ አውቃለሁ፣ እሱ ክላሹን ይያዝ።

«ቤሪልስ?» የሚለኝ አይጠፋም። ቤሪል ዳሜጁን ከክላሽ፣ ፍጥነቱን ከኤም ፎር የወሰደ የሚመስል ሌላ ጠመንጃ ነው። 46 ዳሜጅ በ0.086 ሰከንድ። ሌቭል 2 ላይ አራት ጥይት፣ 0.258። ከሦስቱ አንደኛ። ግን አፈሙዙ ወደ ሰማይ ነው የሚሄደው። የለመደው ይጠቀምበት። ቤት ውስጥ ለውስጥ ከሆነ ደግሞ ኡዚ የሚባለውን ትንሽ ጠመንጃ አትናቁት። ዳሜጁ 26 ብቻ ነው፣ በጥይት መካከል ያለው ጊዜ ግን 0.048። ሌቭል 2 ላይ በሰባት ጥይት 0.288 ሰከንድ ይፈጃል። ከክላሽ ይቀድማል።

እንግዲህ ወደ ብሩ። 660 ዩሲ 9.99 ዶላር ነው። ሐምሌ 2016 ላይ የውጭ ምንዛሪው ለገበያ ሲለቀቅ አንድ ዶላር ከ57 ብር ገደማ ተነሥቶ በጥቂት ሳምንት ውስጥ 100 ብርን አለፈ። ያው 660 ዩሲ ከ570 ብር ወደ 1,000 ብር ተሻገረ። የሻጩን ትርፍ ሳንቆጥር ነው። ከዚያ ወዲህም አልወረደም። ለእኛ ሰፈር ዩሲ የሚሞላው ልጅ አሁን 1,800 ብር ይላል። አንዱ ዩሲ 2 ብር ከ73 ሳንቲም ገደማ ማለት ነው። የአክስቴ ልጅ 3,000 ብር ሁለት ጊዜ እንኳን አያስሞላም። በእሱም ስኪኑን አትገዙትም፣ ሳጥን ነው የምትከፍቱት። የፈለጋችሁት ሊወጣ ይችላል፣ ላይወጣም ይችላል። ቢወጣም ደረጃውን ለማሳደግ እንደገና ወጪ ነው።

ርካሽ ዩሲ የሚሏችሁን ደግሞ ተጠንቀቁ። ሁለት ዓመት ይሆነዋል፣ አንድ ሻጭ ከሌላው በ400 ብር ቀንሶ ሞላልኝ። በጣም ደስ አለኝ። ከሳምንት በኋላ ስገባ ዩሲዬ ከዜሮ በታች ነው። ሰውየው የከፈለበት ካርድ ክፍያው ተመላሽ ተደርጎ ኖሮ ዕዳው እኔ ላይ ወረደ። ስልኩን ብደውል ዝግ ነው። ዕዳውን ከራሴ ኪስ ሞላሁ። ትክክለኛ ሻጭ የተጫዋች መለያ ቁጥራችሁን ብቻ ነው የሚጠይቀው። ፓስዎርድ የሚጠይቅ ከሆነ ጥላችሁት ሂዱ።

እኔ ብሩን ስክሪን ላይ አውሉት የምለው በደረሰብኝ ነገር ነው። አምና ፖስታ ቤት ጋ ከባጃጅ ስወርድ ስልኬ ከእጄ አመለጠና ስክሪኑ ሄደ። አንድ ጥገና ቤት ወሰድኩት። «ኦሪጅናል ነው፣ ለአንተ 2,800» ተባልኩ። አመስግኜ ወጣሁ። ቀን ላይ ምንም አይታወቅም። ማታ መብራት ጠፍቶ በጨለማ ስከፍተው ጥቁር መሆን የነበረበት ቦታ ግራጫ ብርሃን ያበራል፣ ጠርዙ ላይ ደግሞ ይብሳል። ጥፍሬን በጎኑ ሳስኬደው መስታወቱ ከፍሬሙ ትንሽ ከፍ ብሎ ጥፍሬን ይይዘዋል። ስክሪኑ ላይ የነበረው የጣት አሻራ መክፈቻም ሞቷል። እነዚህ ሦስቱ ተደምረው ፎርጅድ ነው ይላሉ። የእኔ ስልክ ስክሪኑ አሞሌድ (ጥቁሩ ላይ ብርሃን የማያወጣ) ነበር፤ የገጠሙልኝ ግን ከኋላው ሁልጊዜ መብራት ያለው ተራ ኤልሲዲ ነው።

ጨዋታው ላይ የባሰው መጣ። እኔ በአራት ጣት ነው የምጫወተው። አራተኛውን ጣት ሳሳርፍ ተኩሱ ይቋረጣል። ጥይት አለ፣ ጣቴም ቁልፉ ላይ ነው፣ ጠመንጃው ግን ዝም። ተመልሼ ስሄድ «ጌሙ ነው እንጂ ስክሪኑ ምንም የለበትም» አሉኝ። ያን ጊዜ በኤም ፎር ከ30 የማገባው 13 ነበር። ከሦስት ወር በኋላ እውነተኛውን ኦሪጅናል በ6,500 ብር ሌላ ቦታ አስገጠምኩ። 19 የሆነው ከዚያ በኋላ ነው። ልብ በሉ፣ ጠመንጃ አልቀየርኩም። ስድስት ጥይት ያመጣልኝ ስክሪኑ ነው። ለአንድ ስክሪን ግን በድምሩ 9,300 ብር ከፈልኩ። ያ 2,800 እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል።

ጥገና ቤት ስትሄዱ ብሩን ከመክፈላችሁ በፊት ይህን አድርጉ። የስልኩ ሴቲንግ ውስጥ ዴቨሎፐር ኦፕሽን ግቡና ፖይንተር ሎኬሽን የሚለውን አብሩ። ከዚያ አምስት ጣታችሁን አሳርፋችሁ አንቀሳቅሱ። ስንት ጣት እንዳረፈ ስክሪኑ ከላይ በቁጥር ይጽፋል። አንዱ ጣት ብቅ ጥልቅ ካለ ወይ መስመሩ ከተቆረጠ ስክሪኑን መልሱት። ቀጥሎ፣ የስልካችሁ ስክሪን አሞሌድ ከሆነ፣ ጥቁር ፎቶ ክፈቱና በመዳፋችሁ ጋርዳችሁ እዩት። ባለሙያው ቢቸኩልባችሁም እናንተ አትቸኩሉ። ብሩ የእናንተ ነው።

ለስልክ ማቀዝቀዣ የሚሸጡትን ትንንሽ ማራገቢያዎች አይቻለሁ። አንዱን በ900 ብር ገዝቼ በሁለት ወር ተቃጠለ። የአዳማ ሙቀት ቀን ስምንት ሰዓት ላይ ስልክ ያግላል፣ ፍሬሙም ይወርዳል፤ ይህ እውነት ነው። ግን ማታ መጫወት ነፃ ነው። ከሽፋኑ አውጥቶ መጫወትም ነፃ ነው።

የአክስቴ ልጅ ስልክ ጥጉ ላይ ተሰንጥቆ በፕላስተር ተይዞ ነበር። ተኩስ ቁልፉ የተሰነጠቀው ቦታ ላይ ነው። አዲስ ኦሪጅናል በ3,000 አይገኝም። ስለዚህ ከሞተ ስልክ የተነቀለ ኦሪጅናል ስክሪን ፈለግን። ሦስት ቤት ዞርን። አንዱ 4,500 አለ፣ አንዱ ኮፒውን «የተነቀለ ነው» ብሎ አወጣልን፤ ጥቁር ፎቶ ስንከፍትበት አበራ። ሦስተኛው ቤት 3,400 ላይ ተስማማን። የጎደለውን 400 አክስቴ ሞላችለት። ልጁ ሱቁ ውስጥ ቆሞ አምስቱንም ጣቱን አሳረፈ። አምስት መስመር ሳይቆረጥ ተከተለው። ደጋግሞ ሞከረው።

የዚያን ዕለት ማታ ደወለልኝ። ማሰልጠኛ ሜዳ ገብቶ ቆጥሯል። ባዶ ኤም ፎር፣ ያለ ስኪን። ድሮ ከ30 ውስጥ 14 ያገባ ነበር። «ሃያ አንድ» አለኝ።